ቁምሳጥን ገጥሜ አራት ብሎን ተረፈኝ፤ ከዚያ የበስተር ኪተንን ቤት አየሁ

ናቲ ጎፋ (ክሩን የከፈተ)

ሰላም ቤተሰብ። ቅዳሜ እኔና ባለቤቴ በካርቶን ታሽጎ የመጣ ቁምሳጥን ስንገጥም ዋልን። ጠዋት ሦስት ሰዓት ጀምረን ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ አለቀ። አለቀ ስላችሁ ቆመ ማለቴ ነው። አራት ብሎንና አንድ ጠፍጣፋ ጣውላ ተረፈን። የግራውን በር ስትከፍተው የቀኙ ይዘጋል። መሳቢያው የሚወጣው በጀርባ በኩል ነው፣ ጀርባው ደግሞ ግድግዳ ነው። ባለቤቴ «ወረቀቱን አንብብ ብዬህ ነበር» አለች። እኔ ግን እምላለሁ፣ ወረቀቱን ቁጥር በቁጥር ነው የተከተልኩት።

ተኮራርፈን እራት በላን። ከዚያ ስልኬን ስነካካ የድሮው አሜሪካዊ ኮሜዲያን የበስተር ኪተን አጭር ፊልም መጣልኝ። «አንድ ሳምንት» ይባላል፣ የ1920 ሥራ ነው (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው፣ እንዳታርሙኝ)። ሃያ ደቂቃ ምናምን ነው። ድምፅ የለውም።

ለአዲስ ሙሽሮች አጎታቸው ቤት ይሰጣቸዋል። ቤቱ ግን ገና ቤት አይደለም፣ በሳጥን በሳጥን የታሸገ እንጨት ነው። ሳጥኖቹ ቁጥር አላቸው፣ በቁጥሩ መሠረት ግጠሙ ነው ነገሩ። ልጅቷን ሊያገባ ፈልጎ ያልተሳካለት ሰውዬ በድብቅ መጥቶ ቁጥሮቹን ይቀያይራል። ሙሽራው ምን ያውቃል? ቁጥሩን እየተከተለ ይገጥማል። የቀን መቁጠሪያው ቅጠል እየተገነጠለ ከሰኞ እስከ እሑድ ይሄዳል።

ቤቱ ሲያልቅ ምን እንደሚመስል ላስረዳችሁ አልችልም። ሁለተኛ ፎቅ ላይ ያለው በር ወደ አየር ይከፈታል። የዕቃ ማጠቢያው በውጭው ግድግዳ ላይ ተለጥፏል። ጣሪያው የልጅ ኮፍያ አዋቂ ራስ ላይ የተደፋ ይመስላል። ሳቄ የፈነዳው እዚህ ጋ ነው። ባለቤቴ ከመኝታ ቤት «ምን ሆንክ?» ብላ መጣች። ቁጭ አለች። ኩርፊያው እዚያው ቀረ።

ጥያቄዬ፦ ለምንድን ነው እንዲህ የሚያስቀው? የድሮ ኮሜዲ ሲባል ለእኔ የሙዝ ልጣጭና ፊት ላይ የሚለጠፍ ኬክ ነበር። ይሄ ግን ሌላ ነገር ሆነብኝ። ቤት ውስጥ የሚካሄዱ ሌሎች አጫጭር ድምፅ አልባ ፊልሞች የምታውቁ ጠቁሙኝ።


አናጢው ከሳሪስ

ናቲ ወንድሜ፣ መጀመሪያ የቁምሳጥኑን ፎቶ ላክ። ከፊልሙ በላይ እሱን ማየት ፈልጌያለሁ።

እኔ አናጢ ነኝ። ይህን ፊልም ከሠራተኞቼ ጋር በምሳ ሰዓት አይተነዋል። ሁላችንም የሳቅነው አንድ ቦታ ነው። ሰውዬው ከቤቱ ወጣ ባለ ጣውላ ጫፍ ላይ ይቀመጣል። ከዚያ የተቀመጠበትን ጣውላ ራሱን ይቆርጣል። በጣም ተጠንቅቆ ነው የሚቆርጠው፣ መጋዙ ቀጥ ብሎ ነው የሚሄደው። ከዚያ ከነጣውላው ዱብ።

ሞኝ ነው ትሉ ይሆናል። እኔ ተለማማጅ ሳለሁ ይቺኑ አድርጌያታለሁ። ከፍታው አንድ ሜትር ተኩል ስለነበረ ተረፍኩ እንጂ! ሥራው ሲይዝህ መቀመጫህን ትረሳለህ። አለቃዬ «መስመሩ ግን ጥሩ ወጥቶልሃል» ነበር ያለኝ።

ምንጣፉንስ አያችሁት? ምንጣፍ ዘርግቶ ዙሪያውን በሚስማር ይመታል። ሲጨርስ ኮቱ የለም። ኮቱ ከምንጣፉ ሥር አብጦ ተኝቷል። ሚስማሩን ከመንቀል መሐሉን ቀዶ ኮቱን ያወጣል። ቀዳዳውን በሌላ ትንሽ ምንጣፍ ይሸፍናል። የተቀደደችውን ቁራጭ ደግሞ በር ላይ የእግር መጥረጊያ ያደርጋታል። ይሄ ቀልድ አይደለም፣ የእኛ ሙያ ነው። ስንት ቤት ገብቼ ሥዕል ከግድግዳ ሳነሳ ቀዳዳ አግኝቻለሁ!


ሂሩት ዘ ፊልም

ናቲ፣ ያየኸው ፊልም ከኋላው ታሪክ አለው። ቤት በሳጥን መግዛት ቀልድ አልነበረም። አሜሪካ ውስጥ ሲርስ የሚባለው መደብር ከ1908 እስከ 1940 ቤት በካታሎግ ይሸጥ ነበር። መጽሔቱን ታገላብጣለህ፣ ትመርጣለህ፣ ትከፍላለህ፣ እንጨቱ ተቆርጦና ቁጥር ተጽፎበት በባቡር ይመጣልሃል። አንድ ቤት ወደ 30,000 ቁራጭ ነበረው ይባላል። በእነዚያ ዓመታት ወደ 70,000 የሚጠጋ ቤት ተሸጧል። ስለዚህ የ1920 ተመልካች አራት ብሎን የተረፈው ሰው ማን እንደሆነ ጠንቅቆ ያውቃል። ወይ ጎረቤቱ ነው፣ ወይ ራሱ።

ፎርድ ኩባንያ በ1919 እንዲህ ዓይነት ቤት እንዴት እንደሚገጠም የሚያሳይ የትምህርት ፊልም አውጥቶ ነበር። ሙሽሮች፣ የሚገነጠል ቀን መቁጠሪያ፣ የፎርድ መኪና፣ ሁሉም እዚያ አለ። ኪተን ያንን ነው የወሰደው። የመማሪያውን ፊልም መንገድ አልነካም፣ ቁጥሮቹን ብቻ ቀየረ። እሱና ኤዲ ክላይን ናቸው አብረው ያዘጋጁት። ኪተን ከኮሜዲያኑ ሮስኮ አርበክል ቡድን ወጥቶ በራሱ ስም ለሕዝብ ያቀረበው የመጀመሪያ አጭር ፊልም ይሄው ነው።

አሁን ወደ ጥያቄህ። እኔ የሚመስለኝ የሚያስቀው መታዘዙ ነው። ሰውዬው ሰነፍ አይደለም፣ ቂል አይደለም፣ አይቸኩልም። ወረቀቱ ያለውን ያደርጋል። ቤቱ የተበላሸው በሚገባ ስለተሠራ ነው። ፊቱን ልብ በለው፣ አንዴም አይስቅም። ሥራ ላይ ነዋ።


ዘላለም 4ኪሎ

እናንተ ሰዎች ነገር ታረዝማላችሁ። ሰው ሲወድቅ ያስቃል። አለቀ። ከጥንት ጀምሮ እንደዚያ ነው። ሲኒማ በተወለደ ዕለት እንኳ የታየው ቀልድ ይሄው ነው። አትክልተኛው በቱቦ ውሃ ያጠጣል፣ ልጁ ቱቦውን ይረግጣል፣ ውሃው ይቆማል፣ ሰውዬው ቱቦውን ሲያይ ልጁ እግሩን ያነሳል፣ ፊቱ ላይ ፏ! 1895፣ የሉሚየር ወንድማማቾች። አንድ ደቂቃ እንኳ አይሞላም። ይሄ ምን ፍልስፍና አለው?


ሂሩት ዘ ፊልም

ዘላለም፣ ምሳሌህ ለእኔ ነው የሚያግዘው። ፓሪስ ግራንድ ካፌ ውስጥ ዲሴምበር 28 ቀን 1895 ገንዘብ ከፍለው የገቡ ሰዎች ካዩአቸው ፊልሞች አንዱ ነው፣ እውነትህን ነው። ግን መቼ ነው የምትስቀው? ውሃው ሲመታው ብቻ? እኔ ቀደም ብዬ ነው የምስቀው፣ ሰውዬው የቱቦውን አፍ ወደ ዓይኑ አቅርቦ ሲመረምር። ያንን ሁላችንም አድርገናል። ውሃ ሲጠፋ ቧንቧው ሥር አንገታችንን አጣምመን የማናይ ማን ነን?

ስለ መውደቅ ካነሳህ ግን ኪተን ለመውደቅ ምን እንደሚከፍል ላጫውትህ። «አንድ ሳምንት» ውስጥ ከፎቅ ባለው መታጠቢያ ቤት በር ወጥቶ አየር ላይ ይራመዳል። መሬቱ ተቆፍሮ ጭድ ተሞልቶበት በላዩ ሣር ተነጥፎበት ነበር። እንደዚያም ሆኖ እጁ ክፉኛ አብጦበታል።


ናቲ ጎፋ

አየር ላይ የወጣባትን በር እኔም አውቃታለሁ። ባለቤቴ «አንተ በምትሠራው ቤት እንዲህ ነው የምንሞተው» አለችኝ።

ሂሩት እህቴ፣ አንድ ጥያቄ። ማዕበል መጥቶ ቤቱ እንደ እንዝርት ሲሾር በትንሽ ሞዴል ነው የሠሩት አይደል?


ሂሩት ዘ ፊልም

አይደለም! እውነተኛ ቤት ነው። የሚሽከረከር መድረክ ላይ ነው የገነቡት። እንግዶቹ ከውስጥ በየመስኮቱ ሲወረወሩ የምታየው ቤቱ በእርግጥ እየዞረ ነው። ኪተን ከውጭ ሆኖ በሩ በፊቱ ሲያልፍ ሊገባ ይሞክራል። ይዘላል፣ ግድግዳ ይገጥመዋል። እንደገና ይዘላል፣ በር። ሚኒባስ ሳይቆም ለመሳፈር የሞከረ ሰው ይገባዋል።

ቀኑን አስተውለሃል? ዓርብ 13 ነው፣ ለፈረንጅ የገደቢስ ቀን። የቤት ምርቃት በዚያ ቀን!


ሰላም ከዱባይ

እኔ ትንሽ ሌላ ነገር ላምጣ። ሁላችሁም ስለ ባልየው ነው የምታወሩት። ሚስቲቱስ? ሲቢል ሲሊ ትባላለች ተዋናይቷ። ልጅቷ ቆማ አታለቅስም፣ «አንተ የማትረባ» አትልም። ቤቱ እየተሠራ ግድግዳው ላይ ሁለት ልብ ትሥላለች። መዶሻ ታቀብላለች፣ ቤቱን ትገፋለች፣ ስትወድቅ ተነስታ ትቀጥላለች። የዚያ ዘመን ኮሜዲ ውስጥ ሚስት ብዙ ጊዜ ዱላ ይዛ በር ላይ የምትጠብቅ ሴትዮ ናት። ይቺ ግን ጓደኛው ናት። የመታጠቢያ ገንዳዋ ትዕይንት ደግሞ! ሳሙናዋ ወደ ወለል ይወድቅባታል፣ ልትነሳ ስትል ካሜራውን ታያለች፣ እኛን ማለት ነው፣ ወዲያው አንድ እጅ መጥቶ ሌንሱን ይሸፍነዋል። እንዴት ያለ ጨዋነት ነው!

ቤት ውስጥ የሚካሄድ ላልከው ግን ሌላ መንገድ አለልህ፣ ናቲ። የቤት ሠራተኞቹን ፊልሞች እይ።

እኔ እዚህ ሰው ቤት ነው የምሠራው፣ ስድስት ዓመት ሆነኝ። መጀመሪያ በመጣሁ ጊዜ አንድ የሻይ ብርጭቆ ሰብሬ ሦስት ሌሊት እንቅልፍ አጣሁ። ማዳም ምን ትላለች እያልኩ። ስብርባሪውን በመሀረብ ቋጥሬ ሻንጣዬ ውስጥ ደበቅኩት፣ እስከ ዛሬ አለ መሰለኝ። ከዚያ ዓመት ቆይቶ ሌሊት ስልኬ ላይ ሜሪ ጄን የምትባል ሠራተኛ ያለችበት ፊልም አየሁ። 1903፣ እንግሊዝ አገር፣ ጆርጅ አልበርት ስሚዝ የሠራው። ተዋናይቷ ላውራ ቤይሊ የራሱ ሚስት ናት።

ሜሪ ጄን ጠዋት ተነስታ እያዛጋች ጫማ ትወለውላለች። ፊቷን በጫማ ቀለም ነክታ ጢም ይወጣላታል፣ በመስታወት አይታ ትስቃለች። ከዚያ እሳቱ አልያዝ ሲላት ላምባ ታመጣለች። ምድጃው ላይ ከማፍሰሷ በፊት ወደ ካሜራው ዞራ ጥቅስ ታደርገናለች። «ዝም በሉ፣ እኔ አውቅበታለሁ» የምትል ነው የምትመስለው። ቡም! በጭስ ማውጫው ተተኩሳ ትወጣለች። ቁርጥራጯ ጣሪያ ላይ ይዘንባል። ቀጥሎ መቃብር ነው። ሰዎች መጥተው ቆመው ሳለ መንፈሷ ከመቃብር ይነሳል። ለምን? የላምባ ዕቃዋን ረስታለች!

እኔ አልጋዬ ላይ ትራስ አፌ ላይ አድርጌ ሳቅኩ። ጮክ ብዬ እንዳልስቅ ማዳም ጎን ለጎን ነው የምትተኛው።


ትግስት ሲልቨር ስፕሪንግ

ሰላምዬ፣ አስለቀስሽኝም አሳቅሽኝም። ብርጭቆውን ጣይው በናትሽ።

ፈረንሳዮቹንም እይልኝ። ከ1910 አካባቢ ጀምሮ የሴት አስቸጋሪዎች ተከታታይ ፊልም ይሠሩ ነበር። ኩኔጎንድ የምትባል ሠራተኛ አለች፣ አሠሪዎቿ ሲወጡ ዘመዶቿን ቤቱ ላይ ትጠራለች። የቀረውን ገምቺው። ሊዮንቲን ደግሞ ልጅ ናት፣ የፓቴ ኩባንያ ናት። አሻንጉሊት ጀልባዋን ለማንሳፈፍ ቤቱን በሙሉ በውሃ ትሞላዋለች። ጀልባው ተንሳፈፈ፣ ቤቱ ግን ሰጠመ። የሊዮንቲንን ፊት አንዴ ያየ አይረሳትም፣ የተዋናይቷ ስም ግን ሳይታወቅ ከመቶ ዓመት በላይ አለፈ። በ2022 እንዲህ ዓይነት 99 ፊልሞች ተሰብስበው በዲስክ ወጥተዋል።

በነገራችን ላይ እዚህ አካባቢ ያላችሁ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ያለው የኤኤፍአይ (የአሜሪካ ፊልም ተቋም) ሲኒማ ድምፅ አልባ ፊልሞችን በቀጥታ ሙዚቃ ያሳያል። አንድ ቀን ሂዱ። ሰው በጅምላ ሲስቅ ሌላ ነው።


ዳዊት ቢግ

ሁሉም ጥሩ፣ ግን የቤት ማፍረስ ንጉሦች ጥንዶቹ ኮሜዲያን ሎሬልና ሃርዲ ናቸው። «ቢግ ቢዝነስ»፣ 1929። ሁለቱ ካሊፎርኒያ ውስጥ በጠራራ ፀሐይ ቤት ለቤት የገና ዛፍ ይሸጣሉ። አንድ ጢማም ሰውዬ፣ ጄምስ ፊንሌሰን፣ አልገዛም ይላል። በሩን ሲዘጋ የዛፉ ቅርንጫፍ ይያዛል። ይደውላሉ። ይከፍታል። ይዘጋል። አሁን ኮቱ ይያዛል። ይደውላሉ። በመጨረሻ ሰውዬው መቀስ አምጥቶ ዛፋቸውን ይቆርጠዋል።

ከዚያ ጦርነት ነው። እነሱ በሩን ይነቅላሉ፣ እሱ የመኪናቸውን መብራት ይነቅላል። ሎሬል የሰውየውን የአበባ ማስቀመጫ በመስኮት ይወረውራል፣ ሃርዲ በአካፋ እየመታ ይሰብራል። ፒያኖ ሜዳ ላይ ወጥቶ ይፈለጣል። መኪናዋ ብረት ብቻ ትቀራለች። ፖሊሱ መኪናው ውስጥ ቁጭ ብሎ በማስታወሻው ይጽፋል፣ አይናገርም።

ኪተን ላይ የማላየው ነገር እዚህ አለ። ንዴት። ቤት ማለት ንዴት ነው።


አናጢው ከሳሪስ

ዳዊት፣ ያ ፊልም ለእኔ አይታየኝም። ዕቃ ሲፈለጥ አንጀቴ ነው የሚፈለጠው። ያቺ በር ስንት ሰዓት እንደፈጀች አውቃለሁ። ደግሞ የተሳሳተ ቤት ነው ያፈረሱት ሲባል ሰምቻለሁ።


ሂሩት ዘ ፊልም

አናጢው፣ የተሳሳተው ቤት ወሬ የፕሮዲውሰሩ የሃል ሮች ነው። ሲያወራው ኖሯል። ሎሬል ግን አስተባብሏል። እኔ ሎሬልን አምናለሁ።

ዳዊት፣ አንድ ነገር አልተስማማሁም። እነዚያ ሰዎች አይናደዱም ማለቴ አይደለም። ግን ተራ ይጠብቃሉ! ፊንሌሰን ሰዓቱን ሲሰብርበት ሃርዲ ቆሞ ያያል፣ እስኪጨርስ ይታገሳል፣ ከዚያ ተረኛው ይቀጥላል። ፍርድ ቤት እንኳ እንዲህ ያለ ሥርዓት የለም። የሚያስቀው እሱ ነው። በንዴት ውስጥ ያለች ጨዋነት።


ተስፋ የድሮው

ልጆች፣ ጨዋታችሁ ደስ ብሎኝ ነው የገባሁት። ሰባ ሦስት ዓመቴ ነው፣ ቀስ ብዬ ነው የምተይበው።

በእኛ አገር ሲኒማ መጀመሪያ ሲመጣ ሕዝቡ ቤቱን የሰይጣን ቤት ብሎት ነበር፣ ይህን ታውቃላችሁ። አባቴም ሲኒማ አይወድም ነበር። ቻርሊ ሲሆን ግን ዝም ይላል። «ይሄ ምስኪን ነው፣ ይታይ» ይል ነበር።

የቤት ነገር ካነሳችሁ የቻርሊ ቻፕሊን 1916 የሠራው አለ፣ «ከሌሊቱ ሰባት ሰዓት» ቢባል ይሻላል በእኛ አቆጣጠር። ፈረንጆቹ ዋን ኤኤም ይሉታል። ከታክሲ ሾፌሩ በቀር ከቻርሊ ሌላ ማንም የለበትም። እሱና ቤቱ ብቻ። እዚህ ላይ ጠባብ ኮት የለበሰው፣ የቀርከሃ ከዘራ የያዘው ምስኪን አይደለም፣ ሐር ባርኔጣ ያደረገ ሀብታም ሰካራም ነው።

ቁልፉ የለም። በመስኮት ይገባል። እግሩ የዓሣ ማስቀመጫ ውስጥ ይገባል። ከገባ በኋላ ቁልፉን ኪሱ ውስጥ ያገኘዋል። አሁን ምን ያደርጋል? በመስኮት ተመልሶ ይወጣል፣ በበር በክብር ከፍቶ ይገባል! እኔ ይህንን ባየሁ ቁጥር አንድ የሰፈራችን ሰው ትዝ ይለኛል፣ ስሙን አልጠራም፣ ነፍሱን ይማርና። እሱም ሰክሮ በአጥር ዘሎ ገብቶ፣ ከውስጥ ሆኖ የራሱን በር ሲያንኳኳ «ማነው?» ሲል ሰምቼዋለሁ።

በስተመጨረሻ ግድግዳ ውስጥ የሚታጠፍ አልጋ አለ። አልጋው አልወርድ ይለዋል፣ ሲወርድ ይገለበጣል፣ ሲገለበጥ ይዞት ይገባል። ተሸንፎ መታጠቢያ ገንዳ ውስጥ ተኛ። አንድ ጥያቄ ግን አለኝ። ሰዎቹ እንዲህ የሚሮጡት ለምንድን ነው? እውነት እንዲያ ይራመዱ ነበር?


ሂሩት ዘ ፊልም

ጋሼ፣ እንኳን ደህና መጡ። ጥያቄዎ ጥሩ ነው። ያን ጊዜ ካሜራ ማኑ እጀታ በእጁ እያዞረ ነበር የሚቀርጸው፣ በሰከንድ 16 ወይም 18 ወይም 20 ምስል፣ እንደ እጁ። በኋላ ድምፅ ሲመጣ ፍጥነቱ 24 ላይ ተወሰነ። በ16 የተቀረጸውን በ24 ሲያሳዩት ሰው ሁሉ የሚቸኩል ይመስላል። ቴሌቪዥን ደግሞ 25 ነው። እርስዎ ያዩት ቻርሊ በግማሽ ያህል ፈጥኖ የተላለፈ ሊሆን ይችላል። ኮሜዲዎቹ አንዳንዴ ሆን ብለው እጀታውን ቀስ ብለው ያዞሩታል፣ ሩጫው እንዲያስቅ። ስለዚህ ሁለቱም አለበት።

የሰፈርዎን ሰው ግን ኪተንም ቻፕሊንም አልደረሱበትም።


ተስፋ የድሮው

አመሰግናለሁ ልጄ። ለሃምሳ ዓመት ፈረንጅ ሁሉ ጥድፊያ ነው የሚመስለኝ ነበር።


ዘላለም 4ኪሎ

እሺ፣ ልመን። ትናንት ማታ «አንድ ሳምንት»ን አየሁት። አንድ ነገር ያዝኩላችሁ። ፒያኖው ሲመጣ። አምጪው ግዙፍ ሰውዬ ፒያኖውን በአንድ ትከሻ ተሸክሞ፣ እንደ ጋዜጣ ለኪተን ያቀብለዋል። ኪተን ከሥሩ ይጨፈለቃል። ሰውዬው ደረሰኝ ያስፈርመዋል። ከፒያኖው ሥር ሆኖ! ያ ነው የገደለኝ። መውደቁ አይደለም፣ ደረሰኙ ነው።

ከዚያ ግድግዳው ሲወድቅበት ደግሞ መስኮቱ በራሱ ላይ ያልፋል። ይህን ሌላም ቦታ ያየሁት መሰለኝ?


ሂሩት ዘ ፊልም

ዘላለም ተመለሰ! አይተኸዋል። መጀመሪያ ከአርበክል ጋር በ1919 በቀላል የመድረክ ግድግዳ ሞከረው። ቀጥሎ እዚህ። በ1928 «ስቲምቦት ቢል ጁንየር» ላይ ሙሉ የቤት ፊት ጣለበት፣ ክብደቱ ሁለት ቶን ያህል ነው ይባላል። መስኮቱ በትከሻው ዙሪያ በጥቂት ጣት ነው የሚያልፈው። ጫማውን የሚያቆምበት ቦታ በሚስማር ነበር የተመለከተው።

የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ካለ «ኤሌክትሪክ ቤት»ን ይይ፣ 1922። ደረጃው ራሱ ይሄዳል፣ እራት በትንሽ ባቡር ጠረጴዛ ላይ ይመጣል። እዚያም ተቀናቃኙ መሐንዲስ ተደብቆ ሽቦውን ይቀያይራል። ያው የቁጥሩ ነገር ነው። መጀመሪያ ሲሠሩት ደረጃው የኪተንን ጫማ ይዞ ቁርጭምጭሚቱን ሰብሮበት ፊልሙ ተቋርጧል። እንደ አዲስ ነው በኋላ የተሠራው።


ትግስት ሲልቨር ስፕሪንግ

ናቲ፣ ከባለቤትህ ጋር የምታየው ሌላ ልጨምርልህ። ቻርሊ ቼዝ፣ «ማይቲ ላይክ ኤ ሙስ»፣ 1926፣ ያዘጋጀው ሊዮ ማኬሪ ነው። ባል ጥርሱ ገጣጣ ነው፣ ሚስት አፍንጫዋ ትልቅ ነው። ሁለቱም ሳይነጋገሩ ሄደው ያስተካክላሉ። ከዚያ መንገድ ላይ ይገናኛሉ፣ አይተዋወቁም፣ ይዋደዳሉ! ባልና ሚስት ከገዛ ባልና ሚስታቸው ተደብቀው ሲቃጠሩ ማለት ነው። ቤት ሲመለሱ ባልየው ቀድሞ ይገባዋል። ከዚያ ገጣጣ ጥርሱን እያደረገና እያወለቀ ከራሱ ጋር ይደባደባል። ሚስቲቱ ሁለት ሰዎች የሚደባደቡ ይመስላታል። አንድ ሰው በአንድ በር ወጥቶ በሌላ በር እየገባ። ይሄ ነው ሃያ ደቂቃ!


ሰላም ከዱባይ

ትግስቴ፣ ዛሬ ማታ እሱን ነው የማየው። ብርጭቆውን ግን አልጥለውም፣ ይኑር።


ናቲ ጎፋ

አመሰግናለሁ ሁላችሁንም። ዝርዝሩን ይዤ በሁለት ሳምንት ጨረስኩት።

እናቴ ከደሴ መጥታ እኛ ጋ ናት። ትናንት ማታ «አንድ ሳምንት»ን ከእሷ ጋር ደግመን አየነው። ጽሑፉን ብቻ እየተረጎምኩላት። መጀመሪያ ላይ ዝም ብላ ቤቱን ነው ያየችው። «ይሄ ልጅ አባት የለውም? አንድ ሽማግሌ እንኳ መጥቶ ውሃ ልክ አይይዝለትም?» አለች። አናጢው፣ ስላንተ አሰብኩ።

ያስታወሳችሁ እንደሆነ፣ በመጨረሻ አንድ ሰውዬ መጥቶ ቤቱን የሠራችሁት በሰው መሬት ነው ይላቸዋል። የመሬቱ ቁጥር ሰሌዳ ተገልብጦ ስለቆመ 66ና 99 ተምታቶባቸዋል። የእነሱ ቦታ ከባቡር ሐዲዱ ማዶ ነው። ቤቱን በበርሜል ላይ አድርገው በመኪና መጎተት ይጀምራሉ። ገመዱ ይበጠሳል። የመኪናውን ወንበር ቤቱ ላይ በሚስማር ይመታዋል፣ መኪናው ይሄዳል፣ ወንበሩ ይቀራል። ቤቱ ሐዲዱ መሐል ተገትሮ ቀረ። ባቡር መጣ።

እናቴ ብድግ አለች። ሙሽሮቹ ዓይናቸውን ሸፈኑ። እሷም ሸፈነች። ባቡሩ ግን በሌላኛው ሐዲድ ነው፣ ቤቱን ሳይነካ ሽው ብሎ አለፈ። ሙሽሮቹ ተቃቀፉ።

«ተመስገን!» አለች እናቴ፣ ቁጭ አለች፣ ነጠላዋን አስተካከለች።

እኔና ባለቤቴ ተያየን። በሌላው ወገን ስለሚመጣው ማናችንም አልነገርናትም።